የማያልቀው አጥር

ናዝራዊት ደግፌን ሥራሽ ምንድን ነው ብሎ የጠየቀ ሰው የሚያገኘው መልስ እንደ ጠያቂው ይለያያል። ለወረዳ ጽሕፈት ቤት «የቪዲዮ ባለሙያ» ናት። ለቸርች ሰዎች «ሳውንድ ላይ ነኝ» ትላለች፤ እውነቷን ነው፣ እሁድ እሁድ ከኋላ ሚክሰሩ ጋ ተቀምጣ የሰባኪውን ድምፅ ከፍ ዝቅ የምታደርገው እሷ ናት። ለጓደኞቿ ደግሞ «በፊልምና በድምፅ ነገር እሞክራለሁ» ትላለች፤ ከሁሉም ለእውነቱ የምትቀርበው ይቺኛዋ ናት። አባቷ ጋሽ ደግፌ ግን፣ ኮልፌ አጠና ተራ ላይ ባሕር ዛፍ ሲሸጡ አርባ ዓመት ያለፋቸው ሰው፣ ይህን ሁሉ ዙሪያ ጥምጥም አያውቁበትም። «ልጄ ጫጫታ ትቀዳለች» ብለው ይገላገላሉ።

አልዋሹም። ሰው ዘፈን ይቀዳል፤ እሷ የምትቀዳው ሰው ጆሮውን የሚይዝበትን ነገር ነው። የታክሲ በር ሲወረወር፣ ቆርቆሮ በፀሐይ ሲንጣጣ፣ የጎረቤት ፍሪጅ ሲያጉረመርም። ምስሉም ያው ነው፤ ፊት የለበት፣ ታሪክ የለበት፣ ግድግዳ ላይ የሚሄድ ብርሃን ወይም የሚንቀጠቀጥ የሚኒባስ ጣሪያ። በሠላሳ ዓመቷ ሳንሱሲ ያለ አንድ ወፍጮ ቤት ገብታ፣ በአየር ላይ የሚንሳፈፈውን ዱቄትና የሞተሩን ጩኸት አርባ ደቂቃ ሙሉ ቀርጻ ለሕዝብ አሳየች። ሕዝቡ ሰባት ነበር። አንዷ እናቷ ገነት ናት፤ አንደኛው ሽንት ቤት ሊጠይቅ ገብቶ መውጣት ያፈረ ሰውዬ ነው። ገነት እስከ መጨረሻው ተቀምጣ፣ ሲያልቅ ዱቄት የነካት ይመስል ነጠላዋን እያራገፈች፣ «ጥሩ ነው፤ ግን እህሉ የማን ነው?» አለቻት። ናዝራዊት ያን ጥያቄ እስከ ዛሬ አልመለሰችውም።

ሰርግም ትቀርጻለች፣ እንጀራ ነውና። አንድ ጊዜ ግን እጇን በላትና የሙሽሮቹን ዘፈን አጥፍታ የጄኔሬተሩን ድምፅ ብቻ ተወችው። «ያ ጄኔሬተር ባይኖር ሰርጉ በጨለማ ነበር» የሚል ነበር ክርክሯ። የሙሽራዋ እናት ክርክሩ እስኪያልቅ አልጠበቁም፤ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ዘጉባት።

እግሯ አያርፍም። ጠዋት ቤቴል ያያት ሰው ቀትር ላይ አስኮ ያገኛታል። ሻይ አዝዛ፣ ስኳሩን አማስላ፣ ሳትቀምሰው ብድግ ትላለች። የምትጀምረው ብዙ ነው፣ የምትጨርሰው በጣት የሚቆጠር። እናቷ ከሞተች ወዲህ፣ አራት ዓመት ሆኗል፣ ጭራሽ ብሶባታል። አንድ ቦታ ከተቀመጠች የሆነ ነገር የሚደርስባት ይመስላታል፤ ስለዚህ ትሄዳለች። ምን እንደሚደርስባት ብትጠየቅ አታውቀውም።

አንድ ቂም ግን ነበራት፣ እሱን ታውቀዋለች። ናዝራዊት እናቷን አንቺ፣ አባቷን አንቱ እያለች ነው ያደገችው፤ ልዩነቱም የቃል ብቻ አልነበረም። ገነት ዘማሪ ነበረች። እሁድ ጠዋት ባልና ሚስት ለባብሰው አብረው ይወጣሉ፤ ቸርቹ በር ላይ ሲደርሱ ገነት ወደ ውስጥ ትገባለች፣ ጋሽ ደግፌ አጥሩ ሥር እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ይቀራሉ። ዝናብ ሲመጣ ዣንጥላ ይዘረጋሉ እንጂ አይገቡም። ሽማግሌዎቹ ለመኗቸው፣ ሰባኪው ለመናቸው፤ «እዚሁ ይሻለኛል» ነው መልሳቸው። በገነት ቀብር ዕለት እንኳ ዘማሪዎቹ ድንኳን ውስጥ ሲዘምሩ እሳቸው ውጭ ቆመው ነበር። ሲያለቅሱ ያየ ሰው የለም። ናዝራዊት ያን ቀን በልቧ የጻፈችው ነገር አልተፋቀም፦ አባቴ የእናቴን ድምፅ አንድ ቀን ቁጭ ብለው ሰምተውት አያውቁም።

በዚህ ዓመት ጥር ላይ እትዬ አልማዜ ከቤቴል ደወሉ። እትዬ አልማዜ የገነት የልብ ወዳጅ ናቸው፤ ሰባ ስድስት ዓመታቸው ነው፣ ጉልበታቸው ከድቷቸዋል፣ አፋቸው ግን ታማኝ ነው።

«ነይማ አንዴ፣ የእናትሽ ነገር አለ» አሏት።

ሄደች። በፌስታል የተጠቀለለ፣ ሽፋኑ የተሰነጠቀ ካሴት ሰጧት። በእስክሪፕቶ «ሐሙስ፣ 1976» ተብሎ ተጽፎበታል።

«ያኔ ጴንጤ መባል ያሳስር ነበር» አሏት። «ቸርቻችንን አሽገውብን፣ ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት ኮልፌ እኔ ቤት እንሰበሰብ ነበር። ስምንት ዘጠኝ ሆነን፣ መጋረጃ ዘግተን። መዝሙሩም በሹክሹክታ ነበር። ታማ የተኛች አንዲት እህት ነበረችን፤ ለእሷ ይድረሳት ብላ እናትሽ በትንሿ ቴፕ ቀዳችው። ሁላችንም አለንበት።»

ናዝራዊት ካሴቱን ቦርሳዋ ውስጥ ከታ ቆማለች።

«ተቀመጪ እንጂ፤ የሚነገር ነገር አለው።»

«እመለሳለሁ እትዬ፣ መጀመሪያ ልስማው።»

«የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች» ሲሉ ደረጃው ላይ ሆና ሰማቻቸው። ስለ ምን እንደሆነ ግን ተመልሳ አልጠየቀችም።

ከጓደኛዋ ከቀዳማዊ ጋር አስኮ መንገድ ላይ አንድ የድሮ የቆዳ መጋዘን ተከራይተዋል። ጥጉን ከልለው ይሠሩበታል፣ ሰፊውን ክፍል አዳራሽ ብለውታል። ቀዳማዊ እሷ ያጣችውን ሁሉ የታደለ ሰው ነው፤ ከተቀመጠ አይነሳም፣ ከጀመረ አይተውም። አሮጌ ማጫወቻ ፈልጎ፣ ውስጡን በጥጥ ጠርጎ ካሴቱን ከተተላት።

መጀመሪያ የመጣው ኳኳታ ነው። ብረት በእንጨት ላይ፣ ቅርብ፣ ድፍን ያለ፣ ስልት የሌለው። ኳ፣ ኳ ይልና ይቆያል፤ ደግሞ ሦስቴ ያከታትላል፤ በየመሐሉ ደግሞ ጥርስ የሚያፋጭ ሲጢጢታ አለ። ናዝራዊት የድምፁን መጠን ከፍ አደረገች። ከኳኳታው ሥር፣ በጣም ከሥር፣ የሴቶች ድምፅ አለ። ከሴቶቹ መሐል አንዷ ትመራለች። ድምፁ የሃያ ዓመት ልጅ ነው፤ ናዝራዊት ይህን ድምፅ በሃያ ዓመቱ አታውቀውም፣ ግን አወቀችው።

«ማነው ይሄ ቀጥቃጭ!» ብላ ጮኸች። «ሰው እየዘመረ!»

ሦስት ደቂቃ ከሃያ ሰኮንድ ሲሆን መጀመሪያ ኳኳታው፣ ወዲያው መዝሙሩ ቀጥ አለ። መሐል ስንኝ ላይ፣ በመቀስ እንደተቆረጠ። ካሴቱ አልቆ ነው ብላ አሰበች።

ያኔ ነው ሐሳቡ የመጣላት። ኳኳታውን አንድ በአንድ ነቅላ አውጥታ የእናቷን ድምፅ ብቻ ታስቀራለች፤ ንጹሑን ወስዳ አባቷ ጆሮ ላይ ታደርገዋለች። እስቲ አሁን ደግሞ ውጭ ይቁሙ።

ቀዳማዊ ሳቀባት። «አንቺ? በደህናው ቀን ቢሆን መዝሙሩን አጥፍተሽ ኳኳታውን ነበር የምትተዪው።»

«ይሄ ሥራ አይደለም፣ ስጦታ ነው» አለችው።

እንግዲህ ይታያችሁ። አሥራ አምስት ዓመት ሙሉ ጫጫታ ይከበር ብላ ከሙሽራ እናት ሳይቀር የተጣላች ሴት፣ አንድ ቀን ጨዋ ልጅ ልሁን ስትል የሠራችው ነገር ይህ ነው። ሦስት ቀን ከወንበሯ አልተነሳችም፤ ለእሷ ይህ ጾም ነው። እያንዳንዷን ምት በኮምፒውተሩ ላይ አድና አጠፋቻት። ሲጢጢታውንም አጠፋች። በሁለተኛው ቀን ለማመሳከር ካሴቱን እንደገና ስታጫውት ማሽኑ ክሩን በላው፤ ተጨማዶ፣ ተበጣጥሶ ወጣ። አልደነገጠችም፣ ድምፁ ኮምፒውተር ውስጥ አለ። በሦስተኛው ቀን ሀርድ ዲስኩ ሞላባትና ንጹሑን በቆሻሻው ላይ ደርባ ሴቭ አደረገችው። የእናቷ ድምፅ ብቻውን፣ ጥርት ብሎ፣ ከባዶ ቤት እንደሚመጣ ሆኖ ቀረ።

ጋሽ ደግፌ ግቢያቸው ውስጥ አጠና ላይ ተቀምጠው ነበር። ምንም ሳትነግራቸው ሄድፎኑን ጆሯቸው ላይ ደፋችው። ኮፍያቸውን አወለቁ። የመጀመሪያው ድምፅ ሲመጣ እጃቸው ወደ አፋቸው ሄደ፤ ናዝራዊት ልቧ በደስታ ሊፈነዳ ነበር። ግን ትንሽ ቆይተው አንገታቸውን ወደ ግራ አዞሩ፣ ከዚያ ወደ ቀኝ፣ ከዚያ ወደ በሩ። የጠፋበትን ሰው ገበያ መሐል የሚፈልግ ሰው ነው የመሰሉት። ሲያልቅ ሄድፎኑን አውልቀው ጭናቸው ላይ አኖሩት።

«እሷስ እሷ ናት» አሉ። «እኔስ?»

«እርስዎ ምን፣ አባ?»

«እኔን የት አደረስሽኝ?»

ምን ማለታቸው እንደሆነ ስትጠይቃቸው አንድ ደንበኛ ገባ፤ ተነስተው አጠና ሊያሳዩት ሄዱ። አልተመለሱም። ናዝራዊት መጀመሪያ አባቷ አርጅተው መዘባረቅ ጀመሩ ብላ ፈራች፤ ቀጥሎ እትዬ አልማዜ «የሚነገር ነገር አለው» ያሏትን አስታወሰች። ለታክሲ ሠልፍ መቆም አልቻለችም፤ እስከ ቤቴል በእግሯ ተጓዘች።

እትዬ አልማዜ ንጹሑን ድምፅ ከስልኳ ላይ ሰሙ። ሲሰሙ ፊታቸው እየተኮሳተረ ሄደ።

«ደግፌ የታለ?»

«አባቴ በዚህ ውስጥ ምን ያደርጋሉ?»

«ይቺ ልጅ ምን ነካት! መዶሻው የታለ? መዶሻው እኮ አባትሽ ነው!»

ናዝራዊት ቁጭ አለች። እትዬ አልማዜም ያን ቀን ተቀመጪ ሲሏት ሳትሰማ የሄደችውን ሁሉ ነገሯት።

«ያኔ የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ ነው፣ ከሆሳዕና የመጣ፣ አጠና ተራ ተሸካሚ። አማኝ እንኳ አልነበረም። የአጥሬ ሁለት አጠና ወድቆ ሊያቆምልኝ መጣ፤ ሐሙስ ነበር። እሱ ውጭ ሲቀጠቅጥ እኛ ውስጥ ድምፃችንን ትንሽ ከፍ አደረግን። ከግቢው ውጭ ማን ይሰማል? በመዶሻ ተሸፍነን! በነጋታው ሄጄ ለመንኩት። ከዚያ ወዲያ ሐሙስ ሐሙስ ይመጣል፣ ያንኑ አጥር ይቀጠቅጣል። ሁለት ዓመት! ጎረቤት ሳቀብን። ‹የአልማዜ አጥር እንደ ሰማይ ቤት አያልቅም› እያሉ። ሕጋችን አንድ ነበር፦ መዶሻው ካለ ዘምሩ፣ መዶሻው ከቆመ ዝም በሉ። ሰው ሲመጣ እሱ ነው የሚያየው።»

«ቴፑ ላይ ቀጥ የሚለው...»

«አብዮት ጠባቂዎቹ መጡ። አቆመ፣ አቆምን። ‹ይሄ አጥር የማያልቀው ለምንድን ነው?› ብለው ያዙት። ‹እንጨቱ ጠማማ ነው› አላቸው እንጂ ሌላ ቃል አልወጣውም። ሦስት ሳምንት ቀበሌ አሳደሩት፤ ጀርባውን አይተሽው አታውቂም መሰለኝ። ምግብ የምታመላልስለት እናትሽ ነበረች። እንግዲህ እንደዚያ ነው የተዋወቁት፤ እሷ ውስጥ፣ እሱ ውጭ ሆነው ሁለት ዓመት ሙሉ በመልክ እንኳ በደንብ አይተዋወቁም ነበር። ያን መዝሙር ግን ከዚያ ወዲህ ዘምራው አታውቅም። ጀምራ ነበር፣ አልጨረሰችውም፣ በቃ።»

«ቸርች የማይገቡትስ?»

«ካልጠበቀ ማን ይጠብቃታል? ደርግ ወድቋል ብንለው ‹እሺ› ይላል፣ ይቆማል። እሷም ‹በሩ ላይ ካላየሁት ጉሮሮዬ አይከፈትም› ትል ነበር።» እትዬ አልማዜ ዓይናቸውን ጠረጉ። «ሁላችንም ገነትን ሰምተናታል። ያን ጊዜ ያልሰማት እሱ ብቻ ነው። በራሱ መዶሻ እንዴት አድርጎ ይስማት?»

የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ይሏል ይህ ነው። ናዝራዊት ከቤቴል እስከ አስኮ እንዴት እንደሄደች አታውቀውም። ቀዳማዊን ከወንበሩ አስነስታ ኮምፒውተሩን ገለበጡት። የጠፋ የሚመልስ ፕሮግራም አመጣ፣ አልመለሰም። የተጨማደደውን ክር በጥፍር ቀለም እያጣበቀች ልታጫውት ሞከረች፤ የወጣው የሚፈጭ ጠጠር የሚመስል ድምፅ ነበር። ቁጭ ብለው የሰቀሉትን ቆሞ ለማውረድ ይቸግራል። በሦስት ቀን ያጠፋችው አባቷን ነው፤ ያውም ምት በምት፣ አድና።

ከዚያ በኋላ ያሉት አሥር ቀናት የእብደት ናቸው። መዶሻ ያለበት ቦታ ሁሉ ሄደች። ሳንሱሲ በር የሚሠሩ አናጢዎች፣ አስኮ ፎቅ የሚያቆሙ ሠራተኞች፣ ድንኳን የሚተክሉ የእድር ሰዎች። የቀዳችውን እየያዘች ወደ አባቷ ትሮጣለች። ለምን እንደሆነ አልነገረቻቸውም፤ እሳቸውም አልጠየቁም፣ ግን እያንዳንዱን በትዕግሥት ሰሙ።

«ይሄ ቤት ይሠራል።»

«ይሄኛውስ?»

«ይሄ አለቃው ቆሞበታል፤ ቸኩሏል።»

«ይሄስ አባ?»

«ይሄ ጎበዝ ነው። እኔ ጎበዝ አልነበርኩም።»

በአሥረኛው ቀን ከአንድ ሽማግሌ አናጢ የቀዳችውን ሲሰሙ ጭራሽ ሳቁ። ካገቡ ጀምሮ አጥር ላይ የቆሙ ሰው፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲስቁ ጥርሳቸውን አየች።

«እነዚህ ሁሉ ሚስማር ይመታሉ» አሉ። «እኔ ሚስማር ከመታሁ አጥሩ ያልቃል፣ አጥሩ ካለቀ ምን ብዬ እመጣለሁ? ሚስማሩን ጎን ጎኑን ነበር የምለው፤ ከገባብኝ ደግሞ እነቅለዋለሁ፣ አቃንቼ እንደገና። በአንድ ኪሎ ሚስማር ሁለት ዓመት ሠርቻለሁ።»

ሲጢጢታው ገባት። የሚነቀል ሚስማር ነበር። መሬት ላይ ተቀመጠች፣ እንጨት ፍቅፋቂ ላይ፣ እንደ ልጅ።

«አጥፍቼዎታለሁ አባ» አለች። «ሳላውቅ። ካሴቱም ተበላ። የለም፤ የትም የለም።» አለቀሰች፤ እናቷ ስትሞት ያላለቀሰችውን ጨምራ አለቀሰች።

ጋሽ ደግፌ ከጎናቸው ያለውን አጠና በእጃቸው መዳፍ ዳሰሱት፣ ልጡን ላጥ አደረጉት።

«ስንት ደቂቃ ነው?» አሉ በመጨረሻ።

«ሦስት ደቂቃ ከሃያ ሰኮንድ።»

«ያን ያህል ብቻ?» ገረማቸው። «ለእኔ ቀኑን ሙሉ ነበር የሚመስለኝ። እንደ ልማድሽ ለሰው የምታሳዪው መቼ ነው?»

እሁድ ከሰዓት ዘጠኝ ሰዓት ላይ የመጋዘኑ መስኮቶች በጥቁር ላስቲክ ተሸፈኑ። አርባ የሚሆን ሰው መጣ። አብዛኞቹ ወጣቶች ናቸው፤ የቀዳማዊ ጓደኞች፣ ጥቂት የቸርች ልጆች። ፊት ወንበር ላይ አምስት አዛውንቶች ተቀምጠዋል፤ ከሐሙሱ ማኅበር በሕይወት የቀሩት እነሱ ናቸው፣ እትዬ አልማዜ መሐል። ሸራው ላይ አንድ ነገር ብቻ ይታያል። ናዝራዊት አጠና ተራ ላይ ከተደረደረ እንጨት ጀርባ ካሜራ አስቀምጣ የቀረጸችው ነው፤ በአጠናና በአጠና መሐል የሚገባ ቀጭን ብርሃን፣ ሰው ሲያልፍ የሚጠፋ፣ ካለፈ የሚመለስ።

ከሸራው አጠገብ ጋሽ ደግፌ በእሁድ ሱፋቸው ቆመዋል። ስምንት አጠና ራሳቸው በጋሪ አስጭነው አምጥተዋል፤ በአግድም ወራጅ ላይ አስደግፈው አጥር አስመስለዋቸዋል። መዶሻውም የራሳቸው ነው። ቀዳማዊ ሄድፎን ሲያቀርብላቸው ገፉት።

«እየሰማሁ ከመታሁ ውሸት ይሆናል» አሉት።

ከልጃቸው ጋር የተስማሙት ይህን ነው፦ መዝሙሩ በሚቆረጥበት ቦታ እሷ እጇን ታነሳለች፣ እሳቸው ያቆማሉ፣ እንደዚያ ሐሙስ። ከዚያ ጸጥታ ይሆናል፣ ሥራው በዚያ ያልቃል።

ጀመሩ። ኳ። ቆይተው፣ ኳ፣ ኳ። ናዝራዊት ሚክሰሩ ላይ ቆማ የእናቷን ድምፅ ከመዶሻው ሥር አስገባችው። ጣቷ ድምፁን ከፍ አድርጊ አድርጊ ይላታል፤ ተወችው፣ ቦታው እዚያ ሥር ነው። መጋዘኑ ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ሳይታዘዝ ወደ ፊት አጎነበሰ፤ ገነት ስትዘምር ለመስማት ጆሮውን ማቅናት ነበረበት። አንድ ሚስማር ሲነቀል ሲጢጢ አለ፤ እትዬ አልማዜ በሁለት እጃቸው ጉልበታቸውን ያዙ።

ሦስት ደቂቃ ከሃያ ሰኮንድ ሲሆን የገነት ድምፅ መሐል ስንኝ ላይ ተቆረጠ። ናዝራዊት እጇን አነሳች።

ጋሽ ደግፌ አዩዋት። «አይቻለሁ» እንደማለት አድርገው ነው ያዩዋት። አላቆሙም።

እጇን እንደገና ከፍ አደረገች። ኳ። ኳ፣ ኳ። ወጣቶቹ እርስ በርስ ተያዩ። ናዝራዊት አባቷ ተሳስተው ይሆን፣ ምልክቱን ረስተው ይሆን ብላ ልትጠራቸው አፏን ስትከፍት ከፊት ወንበር አንድ ነገር ተሰማ። እትዬ አልማዜ ናቸው። መዶሻው አለ፤ መዶሻው ካለ ደግሞ ሕጉ የታወቀ ነው። ገነት ያቋረጠችውን ስንኝ ከተቋረጠበት ቃል አንስተው፣ በዚያው በሹክሹክታ፣ ቀጠሉት። አጠገባቸው ያሉት አዛውንት ገቡ። ከዚያ ሌሎቹ ሦስቱ። ጀርባቸው ጎብጦ፣ አንገታቸውን ሰብረው፣ ፖሊስ እንዳይሰማቸው እንደሚጠነቀቁ ሰዎች እየዘመሩ ነው።

ናዝራዊት አባቷን አየች። ጋሽ ደግፌ እየመቱ አንገታቸውን ወደ አዛውንቶቹ አዘንብለዋል፤ ከንፈራቸው ተከፍቷል። የአዛውንቶቹ አፍ ሲንቀሳቀስ ያያሉ። አይሰሙም። ካላቆሙ አይሰሙም፣ ካቆሙ ደግሞ ይቆማል። አርባ አንድ ዓመት እንዲያ ነው የኖሩት።

ከሚክሰሩ እስከ ሸራው አሥር እርምጃ ነው። ናዝራዊት በሕይወቷ ብዙ ሮጣለች፣ ይቺን ግን ቀስ ብላ ሄደች። መዶሻው ወደ ላይ በወጣበት እጇን ከእጃቸው በላይ አድርጋ እጀታውን ያዘችው። አንዱን ምት አብረው መቱት። ቀጣዩን እሷ ብቻዋን መታችው።

«ይቀመጡ አባ» አለቻቸው። «እኔ አለሁ።»

ጋሽ ደግፌ ባዶ እጃቸውን እያዩ ጥቂት ቆሙ። ከዚያ ሄደው ከእትዬ አልማዜ ጎን ባለው ወንበር ተቀመጡ፤ ኮፍያቸውን አውልቀው ጭናቸው ላይ አኖሩ። መዝሙሩ ከአጠገባቸው እየመጣ ነው። የገነት ስንኝ እንዴት እንደሚያልቅ ሰሙ። ትከሻቸው ሲንቀጠቀጥ አርባ ሰው አየ።

ናዝራዊት ዞራ አላየችም። መዶሻው ከባድ ነው፤ ክንዷ ቶሎ ዛለ። ማቆም ግን አትችልም፣ መሄድም አትችልም። ሚስማሩ ጠመመባት። ነቀለችው፣ አቃናችው፣ እንደገና መታችው።